ፊልሙን መጀመሪያ ለማን እናሳይ?

ባለፈው ዓመት አንድ የፊልም ቡድን ተዋናይ ፈልጎ ወደ ተማሪዎች መጥቶ ነበር። ፊልሙ አጭር ነው፤ ዓላማውም «የደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያን ባህል ለሕዝብ ማስተዋወቅ» ነው ተባለ። የሚዛን ተፈሪ፥ ማለት ዛሬ ሚዛን አማን የምትባለው ከተማ ልጅ መሆኔን የሚያውቅ አንድ ጓደኛዬ ስሜን አስመዘገበ። የቡድኑ ኀላፊ ቁመቴንና መልኬን አየት አደረገና «አንተማ የዚያው አገር ሰው ነህ፤ ልምምድም አያስፈልግህ» አለኝ። ደስ አለኝ። ምን እደብቃለሁ፥ በጣም ደስ አለኝ።

በቀረጻው ዕለት ልብሴን አስወልቀው ፊቴንና ደረቴን በነጭ ጭቃ ቀቡኝ፤ ረጅም ዱላም አስያዙኝ። የምጫወተው የሱሪን ጎበዝ ነበር። እኔ ግን በእናቴ ቤንች ነኝ፤ አባቴም ለቡና ሥራ ወደ በበቃ መጥቶ በዚያው የቀረ የሰሜን ሰው ነው። ሱሪ ከሚዛን ወደ ደቡብ፥ በኪቢሽ በኩል የሚኖር ከብት አርቢ ሕዝብ ነው፤ ቋንቋውም ከእናቴ ቋንቋ ጋር ዝምድና የለውም። እኔ የሱሪን ሰው የማውቀው ሚዛን ገበያ ሲመጣ በሩቁ አይቼ ነው። ከበስተኋላዬ ሣር ተጎዝጉዞ፥ ረከቦት ተደርድሮ፥ ፈንዲሻ ተበትኖ ቡና ይፈላል። «በል አሁን በቋንቋህ አንድ ነገር ዝፈን» አሉኝ። በቤንችኛ እስከ መጨረሻው የምችለው ዜማ አንድ ብቻ ነው፤ እርሱም አያቴ ታናሽ እኅቴን ስታስተኛ የምታንጎራጉረው እሹሩሩ ነው። እሱኑ ዱላዬን እየነቀነቅሁ ዘፈንሁ። ፊልሙ በአዳራሽ ሲታይ ከሥዕሉ ግርጌ በአማርኛ የተጻፈው «የጦርነት ዜማ» የሚል ነበር። ሕዝቡ አጨበጨበ፤ እኔም ከመቀመጫዬ ተነሥቼ እጅ ነሣሁ።

ክረምት ላይ በጅማና በቦንጋ አድርጌ አገሬ ገባሁ፤ ፊልሙንም በስልኬ ለአያቴ አሳየኋት። ገና እንዳየችኝ ሣቀች። ዜማውን ስትሰማ ግን ሣቋን ተወችና እናቴን በቤንችኛ አንድ ነገር ጠየቀቻት። አያቴ ፈጠን ብላ ስትናገር ቋንቋዋ አይገባኝም፤ ስለዚህ እናቴ ተረጐመችልኝ።

«ሕፃኑ የት አለ? ነው የምትልህ» አለችኝ።

«የምን ሕፃን?» አልሁ።

«የምታስተኛው ሕፃን ነዋ! ወይስ ከተማ ልጅ የሚያስተኙት በዱላ ነው?»

መልስ አልነበረኝም። ይህን ጽሑፍ የጻፍሁትም ከዚያ ወዲህ በልቤ ሳመላልሰው የቆየሁትን ነገር ለጓደኞቼ ለማካፈል ነው።

በመጀመሪያ ያፈርሁት የሌላ ሕዝብ መልክ ተቀብቼ በመታየቴ መስሎኝ ነበር። እያደር ግን ከዚያ የባሰ ነገር ታየኝ። በዚያ አዳራሽ ውስጥ ቤንችኛ የሚሰማ አንድ ሰው ቢገኝ ኖሮ ጭብጨባው ሳይጀመር በሣቀብን ነበር። እንዲህ ያለ ሰው እንደማይገኝ ተማምነን ነው የሠራነው። ፊልሙ ስለ እነርሱ ነበር፤ ለእነርሱ ግን አልነበረም። አያቴ ያየችው በአጋጣሚ፥ ከሁሉ በኋላ ነው። እኔ መልኩን የለበስሁት የሱሪ ሕዝብ ደግሞ ፈጽሞ አልተጠየቀም፤ ያሳየውም የለም። እንግዲህ እኔ ዛሬ የምለው አንድ ነገር ነው። የአንድን ሕዝብ ባህል በፊልም አሳያለሁ የሚል ሰው፥ ዘመድም ይሁን ባዳ፥ ሥራውን ከሁሉ አስቀድሞ ለዚያ ሕዝብ ያሳይ፤ እነርሱም «ይህ እኛን አይመስልም» የማለት መብት ይኑራቸው፤ ሠሪውም ይህን ሰምቶ ለማረም ግዴታ ይግባ።

ነገሩ ቀላል ይመስላል። ዳሩ ግን እስከ ዛሬ የተለመደው አካሄድ የዚህ ተቃራኒ ነው።

ወደ አገራችን የሚመጣ ካሜራ በአብዛኛው የሚፈልገው ሁለት ነገር ነው፤ አንዱ ቡና፥ ሁለተኛው በሱሪ ሴቶች ከንፈር ላይ ያለው ሸክላ። በእነዚህ በሁለቱ መካከል ያለው ሰው አይታይም። መካከሉ ግን ባዶ አይደለም። በኅዳር 2014 ዓ.ም. በተቋቋመው የደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ሕዝቦች ክልል ውስጥ በሚዛን ዙሪያ ቤንችና ሸኮ፥ በማሻና በቴፒ በኩል ሸካቾ፥ በቦንጋ ካፊቾ፥ ወደ ማጂ ዲዚ፥ ወደ ባቹማ ምኢኒት፥ ከዚያም ወዲያ ሱሪ አለ። ከቴፒ ጥቂት አለፍ ሲባል ደግሞ በጋምቤላ ክልል በደን ውስጥ ንብ በማነብ የታወቁት መዠንግሮች ይገኛሉ። ቋንቋቸው፥ ምግባቸው፥ ደስታቸውና ጠባቸው የተለያየ ነው። በእኛ ፊልም ላይ ግን ሁሉም አንድ ዱላ፥ አንድ ጭቃ፥ አንድ ጭፈራ ሆነዋል።

የቡናውን ነገር ደግሞ እንይ። እ.ኤ.አ. በ1930ዎቹ ከማጂ በኩል ከጌሻ ደን አካባቢ የተለቀመ የቡና ዘር በኬንያና በታንጋኒካ በኩል ዞሮ እ.ኤ.አ. በ1953 ኮስታ ሪካ ገባ፤ ከዚያም ወደ ፓናማ ተሻገረ። እ.ኤ.አ. በ2004 በፓናማ የቡና ውድድር አንደኛ ወጥቶ አንዱ ፓውንድ፥ ማለት ከግማሽ ኪሎ ጥቂት የሚያንሰው፥ በ21 ዶላር ተሸጠ። እ.ኤ.አ. በ2019 ይኸው ዓይነት ቡና በፓናማ ጨረታ 1,029 ዶላር አወጣ። ስሙም በውጭ አገር አጻጻፍ ተጣሞ ብዙ ሰው ከጃፓን የመጣ ይመስለዋል። ዘሩ ሲሄድ ባለቤቱ አልተጠየቀም፤ ስሙም ሲጣመም አልተጠየቀም። ስለ ዘሩ ብዙ ሰው ይቆጫል፤ መቆጨቱም ተገቢ ነው። ነገር ግን እኛ ራሳችን ዜማውን፥ ልብሱንና መልኩን ከዚያው አገር ሳንጠይቅ ወስደን፥ ስሙን አጣመን፥ በአዳራሽ ስናሳይ ማንም ቆጭቶት አላየሁም።

ከቡና ሳንወጣ አንድ ነገር ልጨምር። በአያቴ ቤት ጠዋት ጠዋት የሚጠጣው የቡና ፍሬ አይደለም፤ የቡና ቅጠል ነው። ቅጠሉ በምጣድ ይታመሳል፥ ከዝንጅብልና ከበርበሬ ጋር ይወቀጣል፥ በሸክላ ይፈላል፥ በቅልም ይቀርባል። ጨሞ ይባላል። ፍሬው ለገበያ ይሄዳል፤ ቅጠሉ ለቤት ይቀራል። ጎረቤት ተጠርቶ የሚጠጣው፥ ወሬ የሚወራበት፥ ሰው የሚታረቅበት ይኸው ነው። በፊልማችን ላይ ግን ረከቦት፥ ሲኒና ፈንዲሻ ተደረደረ። ይህን ያደረገው ሰው ክፉ አልነበረም፤ እንዲያውም «የቡና አገር ስለሆነ ቡናውን አድምቀን እናሳይ» ብሎ በቅን ልቡ ነው። ነገር ግን አጠገቡ አንዲት የአገሩ ሴት ተቀምጣ ቢሆን ኖሮ «ልጄ፥ ይህ የእናንተ ነው፤ የእኛ ቅል የት ሄደ?» ባለችው ነበር። አንድ ቃል ብቻ ይበቃ ነበር። ያቺ ሴት ግን አልተጠራችም።

ይህ ሁሉ የማይቀር ነገር እንዳይመስለን ሌሎች የሠሩትን መመልከት ይጠቅማል።

ከሱሪ ማዶ፥ ከኦሞ ወንዝ በስተ ምሥራቅ የሚኖሩት ሙርሲዎች ቋንቋቸው ከሱሪ ጋር እጅግ ይቀራረባል። እ.ኤ.አ. በ1974 ሌስሊ ዉድሄድ የተባለ እንግሊዛዊ የፊልም ሠሪ ከአንትሮፖሎጂ ምሁሩ ከዴቪድ ተርተን ጋር ሆኖ ለግራናዳ ቴሌቪዥን ስለ ሙርሲዎች ፊልም ሠራ። በዚያ ፊልም ሰዎቹ ከቦዲ ጋር ስለነበራቸው ጦርነት በጉባኤ ተሰብስበው ሲከራከሩ ይታያል፤ ንግግራቸውም ከሥር በጽሑፍ ተተርጕሞ ይነበባል። ተመልካቹ ሸክላውንና ዱላውን ብቻ ሳይሆን ሐሳብ የሚያወጣና የሚያወርድ ሰው አየ ማለት ነው። ይህ ባዳም ቢሆን ጆሮ ሰጥቶ ከሠራ ቁም ነገር ሊሠራ እንደሚችል ያስረዳል። ሆኖም የፊልሙ ተመልካች በእንግሊዝ አገር ሶፋ ላይ የተቀመጠ ሰው ነበር። ከ35 ዓመት በኋላ፥ እ.ኤ.አ. በ2009፥ ኦሊሳራሊ ኦሊቡይ የተባለ የሙርሲ ተወላጅ ከቤን ያንግ ጋር ሆኖ የራሱን ሕዝብ ራሱ ካሜራ ይዞ ቀረጸ። የፊልሙ የእንግሊዝኛ ስም ጠመንጃ መተኰስንና ፊልም ማንሣትን በአንድ ቃል የሚያሰማ ነው። ካሜራው እስከ ዚያ ቀን ወደ እነርሱ የሚነጣጠር ነበር፤ በዚያ ቀን ግን በእነርሱ እጅ ገባ።

የልብ ወለድ ፊልሞቻችንንም እንይ። «ሂሩት አባቷ ማነው?» በ1957 ዓ.ም. ከወጣ ወዲህ የአገራችን ሲኒማ ረጅም መንገድ ሄዷል። ኃይሌ ገሪማ እ.ኤ.አ. በ1976 ባወጣው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ውስጥ የባላገሩን ኑሮ ያሳየው በጥቁርና ነጭ ፊልም፥ የትወና ሞያ በሌላቸው ሰዎች ነው። ያሬድ ዘለቀ «ላምብ» በተባለው ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ2015 በካን ፌስቲቫል በይፋ ከተመረጡት መካከል በመግባት የመጀመሪያው ኢትዮጵያዊ ሆነ። በዚያ ፊልም የገጠር ቤት፥ ወጥ፥ በዓል፥ ገበያ ሁሉ አለ፤ ነገር ግን አንዱም ለማስታወቂያ የተደረደረ አይመስልም። ምክንያቱም ኤፍሬም የተባለው ልጅ የሚፈልገው አንድ ነገር አለ፤ በጉን ከመታረድ ማዳን ይፈልጋል። ወጥ መሥራቱም፥ ገበያ መውጣቱም ለዚያ ነው። እንግዲህ ባህል በፊልም ላይ የሚታየው አንድ ሰው አንድ ነገር ሲፈልግና ለማግኘት ሲደክም ነው። የሱሪው ጎበዝ ሆኜ ስቆም እኔ የምፈልገው ምን ነበር? ምንም። ዱላ ይዤ መቆም ብቻ። ስለዚህ ሰው አልነበርሁም፤ ሥዕል ነበርሁ።

የፈቃድን ነገር በተመለከተም ከራሳችን አገር ትልቅ ትምህርት አለን። እ.ኤ.አ. በ2014 «ድፍረት» የተባለው ፊልም በውጭ አገር ሽልማት አግኝቶ አዲስ አበባ ላይ ሊታይ ሲል በፍርድ ቤት ትእዛዝ ታገደ። ክሱን ያቀረበችው አበራሽ በቀለ፥ ማለት በልጅነቷ ተጠልፋ ጠላፊዋን የገደለችውና ፊልሙ የተመሠረተባት ሴት ነበረች። በኋላ ስምምነት ተደርሶ ፊልሙ ታየ። ልብ እንበል፤ ቅሬታዋ «ጠለፋ ለምን ታየ?» የሚል አልነበረም፤ «የሕይወቴ ታሪክ ያለ እኔ ፈቃድ ለምን ተወሰደ?» የሚል እንጂ። ፊልሙ ለሴቶች መብት የቆመ ነበር፤ መልካም ዓላማም ነበረው። መልካም ዓላማ ግን ባለቤቱን ከመጠየቅ ነጻ አያወጣም።

እዚህ ላይ አንዳንድ ጓደኞቼ የሚያነሡት ጥያቄ አለ። «እንዲህ ከሆነ ቤንችን ቤንች፥ ሱሪን ሱሪ ብቻ ይጫወት ማለትህ ነውን? ትወና ማለት ሌላ ሰው መሆን አይደለምን?» ይሉኛል። ጥያቄው ተገቢ ነው። «የአገሩን ሰርዶ በአገሩ በሬ» የሚለው ተረት እውነትነት አለው፤ ዳሩ ግን ነገሩን ሁሉ አይጨርሰውም። አዲስ አበባ የተወለደችው፥ አባቷ ኢትዮጵያዊ እናቷ አየርላንዳዊት የሆኑት ሩት ኔጋ እ.ኤ.አ. በ2016 «ላቪንግ» በተባለው ፊልም የአሜሪካ ቨርጂንያ ተወላጅ የሆነችውን ሚልድረድ ላቪንግን ተጫውታ ለኦስካር ሽልማት ታጭታለች። በደም አትገናኝም፤ ነገር ግን ያቺ ሴት ስም ያላት፥ ባል ያላት፥ አቤቱታ ያላት ሰው ሆና ቀርባለች። በአንጻሩ እኔ ለሚዛን ቅርብ ነኝ፤ ከአዳራሹ ሰው ሁሉ ይልቅ ለሱሪ በመንገድ ቅርብ የነበርሁ እኔ ነኝ። ቅርበቴ ግን ምንም አልጠቀመኝም፤ እንዲያውም ለውሸቱ ማኅተም ሆነ። «የዚያው አገር ሰው ነው የተጫወተው» ተባለልን። ስለዚህ ጥያቄው የደም አይደለም። ጥያቄው ሠሪው ለማን መልስ ይሰጣል የሚለው ነው።

በዚህ ነገር የቲቤትን ምሳሌ ማየት ይጠቅመናል። እ.ኤ.አ. በ1997 ማርቲን ስኮርሴዚ ስለ ዳላይ ላማ የሠራው «ኩንዱን» የተባለ ፊልም የተቀረጸው ሞሮኮ ውስጥ ነው። ተዋናዮቹ ከሞላ ጐደል ቲቤታውያን ነበሩ፤ የሚናገሩት ግን በእንግሊዝኛ ነበር። መልኩ የራሳቸው፥ ታሪኩም የራሳቸው፥ ቋንቋውና መሬቱ ግን የሌላ ሆነ። እንዲያም ሆኖ ብዙ ቲቤታውያን ተዋናዮች በክብር ሠርተውታል፤ ሌላ መንገድም አልነበራቸውም። ከዚያ በኋላ ፔማ ጸደን የተባለ ደራሲ፥ ማለት እ.ኤ.አ. ከ1969 እስከ 2023 የኖረው፥ ቤጂንግ የሲኒማ ትምህርት ተምሮ እ.ኤ.አ. በ2005 በቲቤትኛ፥ በቲቤት ምድር፥ የትወና ሞያ በሌላቸው ሰዎች አንድ ፊልም ሠራ። ታሪኩ ትልቅ አይደለም፤ ለአዲስ ዓመት በዓል ቤቱ የሄደ አንድ ትንሽ መነኵሴ ቴሌቪዥን ማየት ይወዳል፤ ነገሩ ይኸው ነው። ነገር ግን ቲቤትን ሁልጊዜ እንደ ተራራና እንደ ቤተ መቅደስ ብቻ ያይ የነበረው ሰው፥ እዚያ ቴሌቪዥን የሚያምረው ልጅ መኖሩን ያን ጊዜ ዐወቀ። የእኔስ አያት ስልክ አይታ መሣቋ፥ ልጅ በዱላ ማስተኛትን መቀለዷ፥ ከዱላ ጭፈራው የበለጠ የሚዛንን ሰው አያሳይምን?

ቋንቋን ካነሣን ዘንድ አንድ ነገር ልንገራችሁ። ቤንችኛ የድምፅ ከፍታ የቃልን ፍች የሚለውጥበት ቋንቋ ነው። ስድስት ዓይነት ከፍታ አለው፤ አምስቱ በደረጃ የተቀመጡ፥ ስድስተኛው ከዝቅታ ወደ ላይ የሚወጣ ነው። ተዋናዩ ድምፁን ከቦታው ጥቂት ዝቅ ካደረገው ሌላ ቃል ተናገረ ማለት ነው። በዚህም ምክንያት ቋንቋው በፉጨት ይነገራል፤ ወንዶች ራቅ ካለ ሰው ጋር በከንፈር ወይም ሁለት እጃቸውን አጋጥመው እያፏጩ ይነጋገራሉ፤ በአምስት አውታር ክራርም መልእክት ማስተላለፍ ይቻላል። ለፊልም ሠሪ ከዚህ የበለጠ ሀብት ምን አለ? ከቡና ጥላ ዛፍ ሥር ሆኖ ማዶ ላለው ወንድሙ በፉጨት «ዝናብ መጣ፥ ቡናውን ከማድረቂያው አንሣ» የሚል ሰው በየትኛው ፊልም አየን? ይህን በአዲስ አበባ አዳራሽ በልምምድ ልናመጣው አንችልም። ወይ አገሩ ሄደን ባለቤቱን መጠየቅ አለብን፥ ወይም ባለቤቱ ራሱ መሥራት አለበት።

ሁለተኛው ተቃውሞ የገንዘብ ነው። «የቤንችኛ ፊልም ማን ያያል? ሲኒማ ቤቱ የሚሞላው በአማርኛ ነው» ይባላል። እኔ ራሴ አማርኛ ተናጋሪ ነኝ፤ ይህንም የምጽፈው በአማርኛ ነው፤ ስለዚህ አማርኛን ለማቃለል አይደለም። ነገር ግን የያሬድ ዘለቀ ፊልም ካን ሲቀርብ ንግግሩ አማርኛ ነበር፤ እዚያ የነበረው ተመልካች ከሥር እያነበበ አየው። እኛም ኰራን። አማርኛ ለካን ተመልካች እንግዳ እንደሆነ ሁሉ ቤንችኛ ለአዲስ አበባ ተመልካች እንግዳ ነው። ዓለም የእኛን ቋንቋ ከሥር እያነበበ እንዲያይልን ከፈለግን፥ የገዛ ወንድማችንን ቋንቋ ከሥር እያነበብን ማየት እንዴት ያቅተናል? ደግሞስ ዛሬ አጭር ፊልም በእጅ ስልክ ይቀረጻል፤ የፊልሙ የመጀመሪያ ተመልካች ሚዛን፥ ቴፒና ማጂ ከሆነ የአዲስ አበባ ሲኒማ ቤት መሙላት አለመሙላቱ ሁለተኛ ነገር ነው።

ሦስተኛው ተቃውሞ ከሁሉ ይከብዳል። «ሕዝቡ አስቀድሞ ይየው ካልህ ምስጋናውን ብቻ ይፈቅዳል፤ በደል፥ ጭቈና፥ ጎጂ ልማድ የሚያሳይ ፊልም አይወጣም» የሚል ነው። እውነት ነው፥ ይህ አደጋ አለ። የአገር ሽማግሌ ሁሉ የልጅቱን እንባ እንዲታይ አይወድም። ስለዚህ «ሕዝቡ ይጠየቅ» ስል የሚጠየቀው የበላዩ ብቻ ይሁን ማለቴ አይደለም። ታሪኩ የደረሰበት ሰው ይጠየቅ፤ ተጠላፊዋ፥ ለቃሚዋ፥ እረኛው ይጠየቁ። አያቴን ተመልከቱ። «ለምን አላሞገሳችሁንም?» አላለችም፤ «ሕፃኑ የት አለ?» ነው ያለችው። ባለቤቱ ከእኛ የሚፈልገው ውዳሴ ነው ብለን የምንፈራው ባለቤቱን ስለማናውቀው ነው። ባለቤቱ ብዙውን ጊዜ የሚፈልገው ነገሩ ልክ እንዲሆን ነው።

እንግዲህ ወሬ ብቻ እንዳይሆን ለማኅበራችን ሦስት ሐሳብ አቀርባለሁ። አንደኛ፥ በሚመጣው የባህል ምሽት ማንም ተማሪ የሌላውን ሕዝብ ልብስ ለብሶ ከመውጣቱ በፊት የዚያን ሕዝብ ልጅ ፈልጎ ይጠይቅ፤ በግቢያችን ውስጥ ከካፋም፥ ከሸካም፥ ከመዠንግርም የመጡ ጓደኞች አሉን፤ ከጎናችን ተቀምጠው ሳለ በእነርሱ ስም መቀባባት አያምርብንም። የምንጠይቀው ከሌለ ደግሞ ያን ጭፈራ እንተወው፤ ባዶ ቦታ ከውሸት ይሻላል። ሁለተኛ፥ ማኅበሩ በየዓመቱ አንድ አጭር ፊልም በአንድ የአገራችን ቋንቋ የሚሠሩ ተማሪዎችን ይርዳ፤ ታሪኩ የጭፈራ ሳይሆን የአንድ ሰው ይሁን፤ ቡናዋ ሳይደርቅ ዝናብ የመጣባት ሴት፥ ቀፎው የተሰረቀበት ሽማግሌ፥ ለትምህርት ከተማ ሄዶ ቋንቋው የጠፋበት ልጅ። የመጨረሻውን እኔ ልጽፈው እችላለሁ። ሦስተኛ፥ ፊልሙ እዚህ ከመታየቱ በፊት በተቀረጸበት መንደር ይታይ፤ የተባለው ሁሉ ተጽፎ ይያዝ፤ መታረም ያለበት ይታረም። ወጪው የአውቶቡስ ዋጋና የጥቂት ቀን ጊዜ ነው።

አንዳንዱ ይህን ሁሉ ለአንድ እሹሩሩ ይላል። «ባለቤቱን ካልናቁ አጥሩን አይነቀንቁ» ይላሉ አባቶች። የአያቴን ዜማ የጦርነት ዜማ ያልነው ክፋት ኖሮብን አይደለም፤ ትጠይቀናለች ብለን ስላላሰብን ነው። እኔም አንዱ ነበርሁ። ለፊልም ቡድኑ የግርጌው ጽሑፍ እንዲታረም ጽፌ ነበር፤ የተሰጠኝ መልስ «ሥራው አልቋል» የሚል ሆነ። ለእነርሱ ሊያልቅ ይችላል። እኔ ግን አገሬ ስገባ በዚያው በአያቴ ደጅ ነው የማልፈው።

ስለዚህ ከመመለሴ በፊት አንድ ነገር ጠየቅኋት። «አያቴ፥ ዜማውን ራስሽ ዝፈኚውና በስልኬ ልቅረጽሽ፤ ከሁሉ በፊት አንቺ ታዪዋለሽ» ብዬ በእናቴ አስነገርሁ። ጨሞዋን እየጠጣች ትንሽ አሰበችበት። እምቢ አላለችም። ግን እሺ ያለችው በአንድ ውል ነው፤ መጀመሪያ ሕፃን አምጡ አለች።